ዶስቶየቭስኪ፦ ከመረሸኛው አደባባይ እስከ ካራማዞቭ

እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 1866 መጀመሪያ ላይ፣ በሴንት ፒተርስበርግ ከተማ አንድ የ44 ዓመት ደራሲ ጭንቅ ይዞታል። ለአሳታሚው አዲስ ልብወለድ ለማስረከብ የቀረው ጊዜ አራት ሳምንት ብቻ ነው። የተጻፈ ነገር ደግሞ የለም፤ አንድ ገጽ እንኳን። ቀኑ ካለፈ የሚጠብቀው ተራ መቀጮ አይደለም። ለሚቀጥሉት ዘጠኝ ዓመታት የሚጽፈውን ሁሉ አሳታሚው ያለ ምንም ክፍያ የማተም መብት ያገኛል። ውሉ ላይ የሰፈረው እንደዛ ነው፤ የፈረመበትም ራሱ ነው።

ሰውየው ፊዮዶር ሚካይሎቪች ዶስቶየቭስኪ ነው። በዚያው ሰሞን ደግሞ በአንድ መጽሔት ላይ «ወንጀልና ቅጣት»ን ክፍል በክፍል እያወጣ ነበር።

ዛሬ ስሙን ያልሰማ አንባቢ ማግኘት ይከብዳል። ጢሙን ያንዠረገገበት ፎቶ ከነጥቅሱ በየማኅበራዊ ሚዲያው ይዞራል (ከጥቅሶቹ መካከል እሱ ጭራሽ ያልጻፋቸው እንዳሉ ልብ ይሏል)። እኛ ግን በዚህ ጽሑፍ ፈላስፋውን ትንሽ ወደ ጎን ብለን ባለዕዳውን ልናስተዋውቃችሁ ነው። እነዛ ወፋፍራም መጻሕፍት ተደላድሎ በተቀመጠ ሰው አልተጻፉም። አበዳሪ በሩን እያንኳኳበት፣ የሚጥል በሽታ እየጣለው፣ የሚቀጥለው ወር የቤት ኪራይ እያሳሰበው ነው የጻፋቸው። ደግሞም ከዚያች ኦክቶበር በኋላ ብቻውን አልጻፋቸውም።

ከታሪኩ በፊት አንዲት ነገር፦ ሩሲያ በዚያ ዘመን የምትቆጥረው በድሮው አቆጣጠር ስለነበር፣ እዚህ ያሉት የሩሲያ ቀኖች ከምዕራቡ በ12 ቀን ወደ ኋላ ይቀራሉ። በሁለት አቆጣጠር መኖር ለኛ አንባቢ አዲስ አይደለምና አያስቸግራችሁም።

ዶስቶየቭስኪ የተወለደው በ1821 ሞስኮ ውስጥ፣ ማሪንስኪ በሚባል የድሆች ሆስፒታል ግቢ ነው። አባቱ ሚካይል የሆስፒታሉ ሐኪም ስለነበር ቤተሰቡ እዚያው ይኖር ነበር። ልጁ ሕመም፣ ድህነትና ሞት በአጥር ሳይለዩት አደገ። በ1837 እናቱ በሳንባ ነቀርሳ ሞተች። እሱንና ታላቅ ወንድሙን ሚካይልን አባታቸው ወደ ሴንት ፒተርስበርግ ላካቸውና ፊዮዶር የጦር ኢንጂነሪንግ ትምህርት ቤት ገባ። ምሽግ መንደፍ መማሩ ነው እንግዲህ፤ ልቡ ግን መጻሕፍት ላይ ነበር።

በ1839 አባትየው በገጠር ርስቱ ላይ ሳለ ሞተ። በይፋ የተመዘገበው ምክንያት ድንገተኛ ሕመም ነው። በቤተሰቡ ውስጥ የቆየው ወሬ ግን ሌላ ነው፤ የገዛ ገባሮቹ ናቸው የገደሉት የሚል። ተመራማሪዎች እስከ ዛሬ ይከራከሩበታል። እውነቱ የትኛውም ይሁን፣ ይህ ልጅ ከ40 ዓመት በኋላ የመጨረሻ ትልቁን መጽሐፍ ሲጽፍ ርዕሰ ጉዳዩ የአባት ግድያ ሆነ።

ትምህርቱን ጨርሶ ጥቂት እንደሠራ በ1844 ከመንግሥት ሥራው ለቀቀ። በሚቀጥለው ዓመት የመጀመሪያ ልብወለዱን «ምስኪን ሰዎች»ን ጨረሰ። ጓደኛው ግሪጎሮቪችና ገጣሚው ኔክራሶቭ ረቂቁን ሌሊቱን ሙሉ ሲያነቡ አደሩ፤ እስኪነጋ መታገስ አቅቷቸው ከሌሊቱ አሥር ሰዓት ላይ ሄደው በሩን አንኳኩ። በዘመኑ እጅግ የሚፈራው ሐያሲ ቤሊንስኪም አደነቀው። ልጁ በ24 ዓመቱ በአንድ ጊዜ ዝነኛ ሆነ። ዝናው ግን ዓመት አልቆየም። ሁለተኛ ሥራው «መንታው» ሲወጣ እነዚያው አድናቂዎች ፊታቸውን አዞሩበት፤ ጉረኛ ነው እያሉም ይስቁበት ጀመር።

ቀጥሎ የመጣው ነገር ቀልድ አልነበረም። ዶስቶየቭስኪ ፔትራሼቭስኪ በሚባል ሰው ቤት ዓርብ ዓርብ እየተሰበሰቡ ስለ ገባሮች ነፃነት፣ ስለ ሳንሱርና ስለ ሶሻሊዝም የሚያወሩ ወጣቶች ዘንድ መሄድ ጀምሮ ነበር። ጊዜው አውሮፓ በ1848 አብዮት የምትናጥበት ነው፤ ቀዳማዊ ዛር ኒኮላይ ሹክሹክታም ያስደነግጠዋል። በኤፕሪል 1849 ሁሉም ከየቤታቸው ተለቅመው ታሰሩ። ዶስቶየቭስኪ ከተከሰሰባቸው ነገሮች ዋናው ምን መሰላችሁ? ቤሊንስኪ ለጎጎል የጻፈውንና የተከለከለውን ደብዳቤ ሰው ፊት ማንበቡ ነው። ደብዳቤ በማንበብ የሞት ፍርድ!

ስምንት ወር ምሽግ ውስጥ ታስሮ ከቆየ በኋላ ዲሴምበር 22 ቀን 1849 ጠዋት እስረኞቹ በጋሪ ተጭነው ወደ ሴሚዮኖቭስኪ አደባባይ ተወሰዱ። ወዴት እንደሚሄዱ የነገራቸው የለም። በረዶ ላይ ወታደር ተሰልፏል፣ መድረክ ተሠርቷል፣ እንጨቶች መሬት ውስጥ ተተክለዋል። በጥይት ተደብድበው እንዲሞቱ መፈረዱ ለእያንዳንዳቸው ተነበበ። ነጭ የመግነዝ ልብስ አለበሷቸው፤ ቄስ መስቀል አሳለማቸው። ሦስት ሦስት ሆነው ተከፈሉና የመጀመሪያዎቹ ሦስቱ ከእንጨቱ ጋር ታሰሩ። ወታደሮቹ ጠመንጃቸውን አነጣጠሩ። ዶስቶየቭስኪ ስድስተኛ ነበር፤ ማለትም በሁለተኛው ዙር። የቀረችው ዕድሜ ምናልባት ጥቂት ደቂቃ ናት።

በዚህ መሃል ከበሮ ተመታ፤ ጠመንጃዎቹ ወደ ላይ ተነሱ። ዛሩ ምሕረት አድርጓል የሚል ወረቀት ተነበበ። ምሕረቱ በዚያች ደቂቃ የታሰበ አልነበረም፤ ቀድሞ ተወስኖ ያደረ ነገር ነው። ቄሱም፣ መግነዙም፣ ከበሮውም ዛሩ ራሱ ያጸደቀው ድራማ ነበር። ከእንጨቱ ከተፈቱት ሦስት ሰዎች አንዱ፣ ግሪጎሪየቭ፣ አእምሮውን ሳተ።

ዶስቶየቭስኪ ግን አልሳተም። ያቺን ጠዋት ግን መቼም አልረሳትም። ከ20 ዓመት ገደማ በኋላ በጻፈው «ጅሉ» ውስጥ ልዑል ሚሽኪን ሊረሸን አምስት ደቂቃ የቀረውን ሰው ታሪክ የሚተርክበት ቦታ አለ። ጊዜዋን እንዴት እንደሚከፋፍላት፣ ለጓደኞቹ ስንብት ስንት ደቂቃ፣ ለራሱ ሐሳብ ስንት ደቂቃ እንደሚመድብ። መጽሐፉን ያነበባችሁ ታስታውሱታላችሁ። ያ ምናብ ብቻ አይደለም።

የተለወጠለት ቅጣት አራት ዓመት ከባድ የጉልበት ሥራ በሳይቤሪያ፣ ከዚያ በተራ ወታደርነት ማገልገል ነው። በገና ዋዜማ ሌሊት እግሩ በብረት ታስሮ ጉዞ ጀመረ። ቶቦልስክ ላይ ከ1825ቱ አመፅ በኋላ የተጋዙ ባሎቻቸውን ተከትለው የመጡ ሴቶች ለእስረኞቹ አዲስ ኪዳን ሰጧቸው። የመጽሐፉ ሽፋን ውስጥ አሥር ሩብል ተደብቆ ነበር። ብሩ አለቀ፤ መጽሐፉ ግን እስከ ሞቱ ቀን ከእጁ አልወጣም። ወደዚህ መጽሐፍ እንመለሳለን።

በኦምስክ እስር ቤት አራት ዓመት ከነፍሰ ገዳዮችና ከሌቦች ጋር በአንድ ግም ክፍል ኖረ። ለሕዝብ ነፃነት ብሎ የታሰረው ወጣት ያየው ነገር አስደነገጠው፦ ያ ሕዝብ ይጠላዋል። ለገበሬዎቹ እስረኞች እሱ ያው የጌታ ልጅ ነው። ቀስ እያለ ግን አነጋገራቸውን በድብቅ መመዝገብ፣ እያንዳንዱን ወንጀለኛ ለብቻው ማየት ጀመረ። እኛን ከጠየቃችሁን ታላቁ ዶስቶየቭስኪ የተወለደው እዚህ ነው። ከዚህ በኋላ በጻፈው ሁሉ ውስጥ ገዳይ ገዳይ ብቻ ሆኖ አይቀርም።

ሲፈታ ዛሬ ካዛክስታን ውስጥ ወዳለችው ሴሚፓላቲንስክ ተልኮ ወታደር ሆነ። ማሪያ ኢሳየቫ የምትባል ባሏ የሞተባትን ሴት በ1857 አገባ። ትዳሩ ደስታ አልነበረውም። የሚጥል በሽታውም በሳይቤሪያ ዘመኑ በግልጽ ወጥቶ ነበር። ወደ ዋና ከተማው የተመለሰው በ1859 መጨረሻ ነው፤ አሥር ዓመት ሙሉ ከሥነ ጽሑፍ ዓለም ጠፍቶ። የእስር ቤቱን ሕይወት ያወጣበት «የሙታን ቤት ማስታወሻ» ስሙን መለሰለት። ከወንድሙ ጋር መጽሔት አቋቋሙ፤ በ1863 መንግሥት ዘጋው። ሌላ ከፈቱ።

ከዚያ 1864 መጣ። በኤፕሪል ሚስቱ ሞተች። በጁላይ ደግሞ ወንድሙ፣ ጓደኛውና የሥራ ባልደረባው ሚካይል ሞተ። ሚካይል የተወው ሚስት፣ ልጆችና ብዙ ሺህ ሩብል ዕዳ ነው። ዶስቶየቭስኪ በሕግ ባይገደድም የወንድሙን ዕዳ በራሱ ስም ተቀበለ፤ ቤተሰቡንም እረዳለሁ አለ። በዚያው ዓመት መጽሔቱ ላይ የወጣው «ከመሬት በታች የተጻፈ ማስታወሻ» ያኔ ብዙም ሰው አላየውም።

የቁማሩን ነገር ካልነገርናችሁ ታሪኩ አይሞላም። ሩሌት ይወድ ነበር፤ መውደድ ሳይሆን ተይዞ ነበር ማለት ይሻላል። በ1865 በጋ ጀርመን ቪስባደን ሄዶ በአምስት ቀን ኪሱን ባዶ አደረገ። ሆቴሉ ምሳና እራት ከለከለውና በሻይ ብቻ ሰነበተ። ከቱርጌኔቭ 100 ታለር ለመነ፣ 50 ተላከለት። በዚያ ረሃብ ውስጥ ሆኖ ነው ለአንድ የመጽሔት ባለቤት ደብዳቤ ጽፎ፣ አራጣ አበዳሪ አሮጊት ስለሚገድል ምስኪን ተማሪ ልጻፍልህ ያለው። «ወንጀልና ቅጣት» እንዲህ ተጀመረ። ራስኮልኒኮቭ ለምን ያን ያህል ረሃቡ እውነት እንደሚመስል አሁን ገባችሁ?

መግቢያችን ላይ ያነሳነው ውል የተፈረመውም በዚያው በጋ ነው። ስቴሎቭስኪ የሚባለው አሳታሚ 3,000 ሩብል ሰጠው። የዶስቶየቭስኪን የዕዳ ወረቀቶች ከሌሎች አበዳሪዎች በርካሽ ሰብስቦ ስለነበር፣ አብዛኛው ገንዘብ ዞሮ ወደ ራሱ ኪስ እንደገባ ይነገራል። እንግዲህ እስከ ኖቬምበር 1 ቀን 1866 አዲስ ልብወለድ ማስረከብ ግድ ሆነ።

ጓደኞቹ ለያንዳንዳችን አንድ አንድ ምዕራፍ አካፍለንና እንጻፍልህ አሉት። ሌላ ሰው በጻፈው ላይ ስሜን አላኖርም ብሎ እምቢ አለ። ያን ጊዜ አንዱ መላ አመጣ፦ ስቴኖግራፊ የሚባለውን፣ ንግግርን በምልክት እያሳጠሩ በፍጥነት የመጻፍ ሙያ የሚያውቅ ሰው ቅጠር። የሙያው መምህር ጎበዝ ተማሪውን ላከለት። አና ግሪጎሪየቭና ስኒትኪና ትባላለች፤ ዕድሜዋ 20 ነው። በቅርቡ የሞተው አባቷ የዶስቶየቭስኪ መጻሕፍት አፍቃሪ ነበር፤ እሷም «የሙታን ቤት»ን አንብባ ያለቀሰች ናት።

ኦክቶበር 4 ቀን በሩን አንኳኳች። ያገኘችው የተጎሳቆለ፣ የሚነጫነጭ፣ ስሟን ደጋግሞ የሚረሳ ሰው ነው። ሲጋራ ቢጋብዛት አልፈልግም አለችው፤ ደስ አለው። በዚያው ዕለት፣ ገና ላላወቃት ልጅ፣ መረሸኛው አደባባይ ላይ ስለቆመባት ጠዋት አጫወታት። ከዚያ ሥራ ተጀመረ። እሱ ሌሊት ያስባል፣ ቀን ከስድስት ሰዓት እስከ አሥር ሰዓት ድረስ ክፍሉ ውስጥ እየተንጎራደደ ይናገራል፤ እሷ በምልክት ትጽፋለች፣ ማታ ቤቷ ወስዳ በንጹሕ ገልብጣ በማግስቱ ታመጣለች። ርዕሱ «ቁማርተኛው»፣ ታሪኩም በሩሌት ስለጠፋ ወጣት ነው። ከቁማር ዕዳ በቁማር ታሪክ መውጣት ማለት ይሄ ነው።

በ26 ቀን አለቀ።

በመጨረሻዋ ቀን ረቂቁን ይዞ ስቴሎቭስኪ ቤት ሲሄድ ሰውየው ከከተማ ወጥቷል ተባለ። ቢሮው ደግሞ መቀበል አልተፈቀደልንም አለ። ግልጽ ወጥመድ ነው፤ ጊዜው እንዲያልፍ ተፈልጓል። እነሱ ግን ይህን ጠርጥረው ቀድመው የሕግ ሰው አማክረው ነበር። ዶስቶየቭስኪ በቀጥታ ፖሊስ ጣቢያ ሄደና ሌሊት፣ ቀነ ገደቡ ሊያልፍ ሁለት ሰዓት ያህል ሲቀረው፣ ረቂቁን አስረክቦ ደረሰኝ ተቀበለ። የዘጠኝ ዓመት ሥራው በዚያች ደረሰኝ ተረፈ።

ከሳምንት በኋላ ለአና አዲስ የልብወለድ ሐሳብ ነገራት። አንድ ያረጀ፣ የታመመ፣ ዕዳ ያለበት ሠዓሊ አንዲት ወጣት ይወዳል፤ ልጅቷ ልትወደው ትችላለች ወይ፣ ከሴት ልጅ ልብ አንጻር ይታመናል ወይ ብሎ ጠየቃት። ስለ ማን እንደሚያወራ ገባት። ፌብሩዋሪ 1867 ተጋቡ።

ወዲያው ከአበዳሪዎችና እጁን ከሚያዩት ዘመዶች ለመሸሽ አና የጥሎሽ ዕቃዋን አስይዛ ይዛው ከሀገር ወጣች። ለሦስት ወር የታሰበው ጉዞ አራት ዓመት ፈጀ። በባደን ባደን ቀለበቷንና የጆሮ ጌጧን ሳይቀር አስይዞ ቆመረ፤ እየተመለሰ እግሯ ላይ ወድቆ ያለቅሳል፣ ደግሞ ይሄዳል። ጄኔቭ ላይ የመጀመሪያ ልጃቸው ሶፊያ ተወልዳ በሦስት ወሯ ሞተችባቸው። «ጅሉ» የተጻፈው በዚህ ሁሉ መሃል ነው። በ1871 ቪስባደን ለመጨረሻ ጊዜ ተሸንፎ፣ ከእንግዲህ አልጫወትም ብሎ ለሚስቱ ጻፈ። ከዚህ በፊትም ስንቴ ብሎ ነበር። የዚህኛው ግን እውነት ሆነ፤ እስኪሞት ሩሌት አልነካም።

ሩሲያ ሲመለሱ አበዳሪዎቹ ተሰልፈው ጠበቁት። አሁን ግን የሚነጋገሩት ከአና ጋር ነው። ከዚያም በዘመኑ ለደራሲ ያልተለመደ ነገር አደረጉ፦ «አጋንንት»ን በ1873 ራሳቸው አሳተሙ። የአንድን አብዮተኛ ቡድን የርስ በርስ ግድያ መነሻ ያደረገውን ይህን ልብወለድ አና ወረቀት ገዝታ፣ ከማተሚያ ቤት ተከራክራ፣ ከመኖሪያ ቤታቸው ሆና ለመጽሐፍ ነጋዴዎች ሸጠችው። ዛሬ ደራሲዎቻችን በራሳቸው አሳትመው በቦርሳ ይዘው ሲዞሩ ስናይ አና ትዝ ትለናለች። ያ የ1864 ዕዳ ተከፍሎ ያለቀው ዶስቶየቭስኪ ሊሞት ጥቂት ሲቀረው ነው።

በሜይ 1878 ሌላ ሐዘን መጣ። ትንሹ ልጃቸው አልዮሻ ሦስት ዓመት ሳይሞላው በሚጥል በሽታ ሞተ። ከአባቱ የወረሰው በሽታ መሆኑ ዶስቶየቭስኪን ሰበረው። አና ፈላስፋውን ወጣት ሶሎቪዮቭን ለምና ባሏን ወደ ኦፕቲና ገዳም እንዲወስደው አደረገች፤ እዚያም አባ አምብሮሲ ከሚባሉ አረጋዊ መነኩሴ ጋር ተገናኘ። ከዚያ በኋላ በጻፈው «ካራማዞቭ ወንድማማቾች» ውስጥ የሦስት ዓመት ልጇ የሞተባት እናት ገዳም መጥታ አባ ዞሲማ ፊት የምታለቅስበት ቦታ አለ። የመጽሐፉ ዋና ሰው ስም ደግሞ አልዮሻ ነው። መጽሐፉን የበረከተው ለአና ነው።

በጁን 1880 ሞስኮ ላይ የፑሽኪን ሐውልት ሲመረቅ ያደረገው ንግግር አዳራሹን በእንባ አራጨው። (የፑሽኪን ቅድመ አያት አብራም ሃኒባል ከአፍሪካ የተወሰደ መሆኑ ይታወቃል፤ ከኛ አካባቢ ነው የሚሉ ብዙ ናቸው፣ ከቻድ ሐይቅ ወገን ነው የሚሉም አሉ።) ያ የዝናው ጫፍ ነበር።

ይህ ሁሉ ሲባል ሰውየውን ቅዱስ አናደርገውም። «የደራሲ ማስታወሻ» በሚለው ሥራው ስለ አይሁዶች የጻፈው ጥላቻ ያሳፍራል። ቁስጥንጥንያ የሩሲያ መሆን አለባት ብሎም ይሰብክ ነበር። በልብወለዱ ውስጥ ለነፍሰ ገዳይ የማይነፍገውን ርኅራኄ በጋዜጣ ጽሑፉ ለጎረቤት ሕዝብ ነፈገ። አድናቂዎቹ ይህን መዝለል ይወዳሉ፤ መዝለሉ ግን ልክ አይመስለንም።

በ1881 ጃንዩዋሪ መጨረሻ ከአፉ ደም መፍሰስ ጀመረ። በ28ኛው ቀን ጠዋት አናን ቀስቅሶ ዛሬ እንደሚሞት ነገራትና ያንን የቶቦልስክ አዲስ ኪዳን አስመጣ። እንደ ልማዱ በዘፈቀደ ከፍቶ እንድታነብለት ጠየቃት፤ የወጣው ማቴዎስ ምዕራፍ 3፣ ክርስቶስ ሊጠመቅ ወደ ዮሐንስ የመጣበት ቦታ ነው። ማታ ሞተ። 59 ዓመቱ ነበር። ቀብሩን በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ ሸኘው።

ከሞተ በኋላ የመጣውን ሁሉ መዘርዘር አይቻልም። ኒቼ አንብቦት ተደነቀ፤ ፍሮይድ በ1928 ስለ «ካራማዞቭ»ና ስለ አባት ግድያ ጻፈ፤ ኩሮሳዋ በ1951 «ጅሉ»ን ወደ ጃፓን በረዶ ወስዶ ፊልም ሠራው። ናቦኮቭ ደግሞ በፍጹም አይወደውም ነበር። በሕይወት ሳሉ አንድም ቀን ያልተገናኙት ቶልስቶይ በ1910 ከቤቱ ጠፍቶ ከመውጣቱ በፊት ባሉት ቀናት እጁ ላይ የነበረው «ካራማዞቭ» ነው። «ወንጀልና ቅጣት» በአማርኛም አለ፤ ያላነበባችሁት ከዚያ ጀምሩ እንላለን። «ካራማዞቭ» ግን ትዕግሥት ይጠይቃል፤ የመጀመሪያዎቹን መቶ ገጾች ታገሱት።

አና ባሏ ሲሞት 35 ዓመት አልሞላትም ነበር። ሌላ አላገባችም። የቀረ ዕድሜዋን ሥራዎቹን በማሳተም፣ ደብዳቤዎቹንና ረቂቆቹን በመሰብሰብ፣ የራሷንም ትዝታ በመጻፍ አሳለፈች። ስለ እነዚያ 26 ቀናት ዛሬ የምናውቀው አብዛኛው ነገር ከእሷ የተገኘ ነው። በ1918፣ በአብዮቱ ትርምስ መሃል፣ ከሴንት ፒተርስበርግ ርቃ ያልታ ውስጥ ሞተች። ከባሏ ጎን መቀበር ነበር ምኞቷ። ይህ የተሳካው ከ50 ዓመት በኋላ ነው፤ በ1968 አጽሟ ከያልታ ተነስቶ በአሌክሳንደር ኔቭስኪ ገዳም መካነ መቃብር፣ ከፊዮዶር ሚካይሎቪች አጠገብ አረፈ።